ሁለተኛውን ጆይስቲክ ማን ይያዘው?

“ጌም ልጅ ያበላሻል” የሚለው ፍርድ ቢቸናም ሞጣም ያው ነው። ቢቸና ላይ ጡረታ የወጣ መምህር ሲናገረው ሰምቻለሁ፤ ሞጣ ላይ ባለሱቅ አባት፤ ሁለቱም ቦታ ደግሞ ልጇን በጆሮው ይዛ ከጌም ቤት የምታወጣ እናት። ፍርዱን በሰማሁ ቁጥር አንድ ነገር ይገርመኛል፦ ከፈራጆቹ መካከል ጆይስቲክ ይዞ የሚያውቅ የለም። ጠላ ቀምሶ የማያውቅ ሰው ስለ ጠላ ሲፈርድ እንስቅበታለን። ስለ ጌም ግን ሁሉም ዳኛ ነው።

ክሱን ሙሉ በሙሉ አልቃወምም። ጌም ቤት ውስጥ የሚጠፋ ነገር እንዳለ አውቃለሁ፣ ዐይቼዋለሁም። የተያዘው ተከሳሽ ነው የተሳሳተው። ልጆቹን እዚያ ትቶ የወጣው አዋቂው ራሱ ነው፤ ትቶ ወጥቶም ውጭ ቆሞ መጋረጃውን ይረግማል። እዚህ የምከራከረው ለአንድ የጌም ዓይነት ነው፦ ቤተሰብ አንድ ስክሪን ፊት ተቀምጦ አብሮ ለመድረስ የሚጫወተው፣ ልጆች በቴሌቪዥን ከሚያውቁት ካርቱን የተወለደ ጌም። ሌላው ዓለም ይሄን በየዓመቱ ያወጣል። እኛ ጋ ግን ሊኖር ይገባል ብሎ ድምፁን ከፍ ያደረገ ሰው አላጋጠመኝም። ስለዚህ እኔ ልጀምረው።

መጀመሪያ ጌም ቤቱን በደንብ እንየው። ቢቸና ተወልጄ ሞጣ ነው የተማርኩት፤ ሞጣ ሳለሁ ሁለት ክረምት አንድ ጌም ቤት ውስጥ ሠርቻለሁ። ሥራ ስል ተራ ማስጠበቅ፣ ሒሳብ መቀበል፣ የላላ ጆይስቲክ ፈትቶ ማጽዳት። በሩ ላይ ወፍራም መጋረጃ አለ፤ ፀሐይ ስክሪኑን እንዳይመታው ነው ይባላል፤ እውነቱ ግን አላፊ አግዳሚው ማን ውስጥ እንዳለ እንዳያይ ነው። ከውስጥ አራት ቴሌቪዥን፣ ረጅም አግዳሚ ወንበር፣ ያላቋረጠ ፊፋ። ሕጉ አንድ ነው፦ ተሸናፊ ከፋይ። ይሄ ሕግ ከፕሌይስቴሽን ጋር ተጭኖ የመጣ እንዳይመስላችሁ። ከጆተኒ የተወረሰ ነው፤ ከጆተኒ በፊትም ከከረንቡላ ቤት። ስለዚህ አሥር ዓመት ያልሞላው ልጅ መጫወት ማለት አንድ ሰው ኪሱን አራግፎ የሚወጣበት ነገር ነው ብሎ ይማራል። ትንሽ ወንድሙ ቆሞ ያያል፤ ተራ አይደርሰውም፣ ቢደርሰውም ይሸነፋል፣ ቢሸነፍ የሚከፍለው የለውም። እኅቱ ጭራሽ አትገባም። በሁለት ክረምት ውስጥ ሊጫወት የገባ አባት አላየሁም፤ ሊደበድብ የገባ ግን ብዙ።

እንግዲህ ይሄን ዐይቶ “ጌም ያበላሻል” ማለት፣ ጠላ ቤት ዐይቶ ገብስ ያበላሻል እንደማለት ነው።

እድሜያችሁ ከፈቀደ ደግሞ አንድ ነገር አስታውሱ። ፕሌይስቴሽን ከመስፋፋቱ በፊት ከመርካቶ የሚመጣ፣ ካሴት የሚጎረስ፣ በአንቴና ገመድ ቴሌቪዥን ላይ የሚሰካ ርካሽ ጌም ነበር። ካሴቱ ላይ በሺዎች የሚቆጠር ጌም አለ ተብሎ ይጻፋል፤ ሲከፈት ያው አሥራ ምናምኑ ነው የሚደጋገመው። ከእነዚያ ውስጥ ሁለቱ የማይረሱ ናቸው። አንዱ ኮንትራ ነው፤ የጃፓኑ ኮናሚ እ.ኤ.አ. በ1987 ያወጣው። ሁለተኛው እኛ ዝም ብለን “ታንክ” የምንለው፣ ናምኮ በ1985 የሠራው። ሁለቱንም ሁለት ሰው አብሮ ይጫወታቸዋል፣ እርስ በርስ ሳይጣላ። ታንክ ላይ ከታች መሐል የተቀመጠችውን ንስር ሁለታችሁ ትጠብቃላችሁ፤ አንዱ ጡቡን አፍርሶ ካበላሸው ሁለታችሁም ናችሁ የምትወድቁት። ኮንትራ ላይ ፏፏቴው ጋ ስትደርሱ ስክሪኑ ወደ ላይ ይንሸራተታል፤ ቀድሞ የዘለለው ቸኩሎ ከወጣ ከታች የቀረው ይሞታል። ቢቸና እናቴ ቤት አጎቴ ይሄን ፏፏቴ ከእኔ ጋር ሲወጣ “ቆይ፣ ቆይ፣ መጣሁ” እያለ ነበር። ጢም ያለው ሰው ስምንት ዓመት ልጅን “ቆየኝ” ብሎ ሲለምን የትም ቦታ አላየሁም፣ ከዚያ በስተቀር። በጎጃም ቤት ልጅ ነው አዋቂን የሚጠብቀው፤ እጅ የሚያስታጥበው፣ ቆሞ የሚያበላው። ፏፏቴው ግን ማን ታላቅ ማን ታናሽ እንደሆነ አያውቅም።

ፈረንጆቹ ለዚህ ዓይነቱ “ኮ-ኦፕ” የሚል ስም አላቸው። እኛ አዲስ ቃል መፈለግ አያስፈልገንም፤ ወንፈል አለ። ደቦ አላልኩም፤ ልዩነቱን ገጠር ያደገ ያውቀዋል። ደቦ ባለቤት አለው፤ አንዱ ይጠራል፣ ይደግሳል፣ ሌላው መጥቶ ያጭድለታል። ወንፈል ግን ዛሬ የአንተን ነገ የእኔን ነው፤ ድግሱም አለቃውም የለም። የቢቸና ጤፍ ታጭዶ የሚነሣው ባብዛኛው በዚህ ነው። የወንፈል ጌም ልበለው እንግዲህ፤ ካልወደዳችሁት የተሻለ አምጡ።

አሁን ወደ ካርቱኑ። እ.ኤ.አ. በ1957 ዶክተር ሱስ የሚባለው አሜሪካዊ ደራሲ ገናን ስለሚሰርቅ ግሪንች የሚባል አኩራፊ ፍጡር መጽሐፍ ጻፈ። በ1966 ቸክ ጆንስ ወደ ግማሽ ሰዓት ገደማ የሚወስድ የቴሌቪዥን ካርቱን አደረገው፤ ከዚያ ጀምሮ አሜሪካኖች ገና በመጣ ቁጥር ያዩታል። በ2023 ደግሞ ሁለት ሰው አንድ ስክሪን ላይ የሚጫወተው ጌም ሆኖ ወጣ። ልብ በሉ፦ መጽሐፉን ያነበበው አያት፣ ፊልሙን ያየው አባት፣ ጌሙን የያዘው ልጅ፤ ሦስቱም ያንን አረንጓዴ ፍጡር ያውቁታል። ልጁ አያቱን “ና ተጫወት” ሲላቸው ማን መሆኑን ማስረዳት የለበትም። ጌሙ ራሱ ድንቅ ነው አልልም፤ ይዘላሉ፣ ይሰርቃሉ፣ ያልቃል። ዋናው ነገር የመግቢያው በር ሰፊ መሆኑ ነው።

እኛም ገና አለን፤ ያውም ጨዋታ የሆነ ገና። ሩሯን በዱላ እየመቱ ሜዳ ለሜዳ መሯሯጥ፣ የላይ ቤትና የታች ቤት ሆኖ መጋጠም። በዚያ ቀን ጌታ በሎሌው እንደማይቆጣ ሁሉም ያውቃል፤ አሽከር የባላባቱን ቅልጥም ቢመታ ቅጣት የለም። አባቶቻችን ጨዋታ ማለት ማዕረግ ለጊዜው የሚወርድበት ሜዳ መሆኑን ከኮናሚ በፊት ያውቁ ነበር። ታዲያ የዚያ ሜዳ የልጅ ልጆች ዛሬ ከልጃቸው ጎን ቁጭ ብለው ጆይስቲክ መያዝ ለምንድን ነው የሚያሳፍራቸው? መልስ የሚሰጠኝ አባት ካለ እሰማለሁ። እስካሁን የሰማሁት “ሥራ አለብኝ” የሚለውን ነው፤ እሱን የሚለው ሰውዬ ደግሞ ማታ ማታ ሁለት ሰዓት ሙሉ የእንግሊዝ ኳስ ያያል።

ከግሪንች ይልቅ ለክርክሬ የሚመቸኝ ብሉይ ነው። የአውስትራሊያ ካርቱን ነው፤ የውሻ ቤተሰብ፣ አባት፣ እናት፣ ሁለት ሴት ልጆች። ሙሉ ታሪኩ የሚያጠነጥነው ወላጆች ከልጆቻቸው ጋር በመጫወታቸው ላይ ነው፤ ፊኛ መሬት እንዳይነካ እየተቀባበሉ መምታት ብቻ አንድ ክፍል ይሆናል። በኅዳር 2023 (እ.ኤ.አ.) ጌሙ ወጣ፤ አራት ሰው ባንድ ጊዜ ይጫወተዋል፣ እናትና አባትም እንደ ልጆቹ የሚመረጡ ገጸ ባሕርያት ናቸው። ይሄ ቀላል ነገር አይደለም። በብዙ ጌም ውስጥ ወላጅ ወይ ሞቷል ወይ ታስሯል ወይ እንዲበቀሉለት ይጠብቃል። እዚህ አባትየው ፊኛ ይመታል። ሆኖም ጌሙ ሲወጣ ብዙ ወላጅ ተናዷል፤ በ40 ዶላር ገደማ ተሽጦ አንድ ከሰዓት በኋላ ውስጥ የሚያልቅ ነበር። ስሙን ሸጠው ሥራውን አሳነሱት። ካርቱን ወደ ጌም ሲቀየር ይሄ የተለመደ በሽታ ነው፤ ልጁ ገጸ ባሕርይዋን ስለሚወዳት ምንም ብንሰጠው ይበላል የሚል ንቀት። እኛ ጋ ሲመጣ ደግሞ በሽታው ሌላ መልክ ይይዛል፤ እሱን ወደ በኋላ እመለስበታለሁ።

አንድ ምሳሌ ልጨምር፣ ከካርቱን ባይመጣም። ጆሴፍ ፋሬስ የሚባል ሊባኖስ ተወልዶ ስዊድን ያደገ ሰው፣ መጀመሪያ ፊልም ሠሪ የነበረ፣ “ኢት ቴክስ ቱ” የሚል ጌም በ2021 አወጣ። ብቻህን መጫወት አትችልም፤ አይከፈትልህም። ሁለተኛ ሰው ከሌለህ ሂድና ፈልግ ነው የሚልህ። ሊፋቱ ያሰቡ ባልና ሚስት አሻንጉሊት ሆነው አንዱ ያለ አንዱ እርምጃ የማይራመዱበት ታሪክ ነው። በዚያው ዓመት የዓመቱ ምርጥ ጌም ተብሎ ተሸለመ፤ ከዚያ ወዲህ በሚሊዮኖች ተሸጧል። “አብሮ የሚጫወቱት ጌም አይሸጥም” ለሚል የአዲስ አበባ ነጋዴ ይሄ በቂ መልስ ይመስለኛል።

ወደ ራሳችን ልጆች ስመጣ ምስጋናና ወቀሳ አብረው ነው የሚመጡብኝ። ቅኔ ጌምስ ኩኩሉን ሠራ፤ ለበዓል ልትታረድ የነበረች ዶሮ አምልጣ የምትሮጥበት የስልክ ጌም። ስሙን ከድብብቆሽ ጥሪ ነው የወሰደው፤ ያየ ሐበሻ ሁሉ ፈገግ ይላል። ገበጣንም ወደ ስልክ አምጥተውታል። ጎጃም፣ የቅኔ ቤት አገር፣ ድርጅቱ ስሙን ከቅኔ በመውሰዱ ሊኮራ ይገባዋል። ግን ኩኩሉ የምትሮጠው ብቻዋን ነው፣ የሚያስሮጣትም አንድ አውራ ጣት ነው። ስልክ የአንድ ሰው ስክሪን ነው፤ ጎንህ የተቀመጠው ሰው አንገቱን አጣምሞ ነው የሚያይህ። ድብብቆሽ ብቻህን የምትጫወተው ነገር ቢሆን ኖሮ ማን “ኩኩሉ” ብሎ ይጣራ ነበር?

ናይጄሪያዎችም ከዚህ ወጥመድ አላመለጡም። በ2024 (እ.ኤ.አ.) ዲዝኒ ከኩጋሊ ጋር ሆኖ ሌጎስን መቼቱ ያደረገ ኢዋጁ የተባለ ካርቱን ተከታታይ አቀረበ፤ አብሮም የሌጎሱ ማሊዮ ጌምስ የሠራው የምግብ ማብሰያ ጌም ወጣ። አፍሪካዊ ካርቱን፣ አፍሪካዊ ጌም ሠሪ፣ አፍሪካዊ ምግብ፤ ይሄ ሁሉ ደስ ይላል፣ ለእኛም መንገድ ያሳያል። እሱም ግን የስልክ ነው። ወጥ ቤት የሚያህል ብዙ እጅ የሚሻ ቦታ ይዘው ለስልክ ሰጡት!

እኛ ደግሞ ለወንፈል ጌም የሚሆን ካርቱን አጥተን አይደለም። ብሩክታዊት ጥጋቡ የምትባል መምህርት ከባለቤቷ ከሼን ኤትዘንሃውዘር ጋር “ፀሐይ መማር ትወዳለች”ን የጀመረችው በ1990ዎቹ ዓ.ም. መጨረሻ ነው። ፀሐይ ጠያቂ ቀጭኔ ናት፤ መጀመሪያ በአሻንጉሊት ነበር የምትቀርበው፣ ኋላ ካርቱን ሆነች። ፕሮግራሙ በ2008 (እ.ኤ.አ.) የጃፓን ሽልማትን አገኘ፣ ብሩክታዊትም በ2010 የሮሌክስ ሽልማት ተቀበለች። በዚያው ቤት የተሠራው “ጥበብ ገርልስ” ደግሞ ልዩ ኃይል ያላቸው ሴት ልጆች አሉት። ሦስት ሴት ልጆች፣ ሦስት የተለያየ ኃይል፣ አንድ ችግር። ይሄን የሚያነብ ማንኛውም ጌም ሠሪ እጁ ሊያሳክከው ይገባል፤ ሦስት ጆይስቲክ ብሎ የሚጮህ ነገር ነው እኮ! ሞጣ ጌም ቤት በር ላይ የምትቀረው እኅት ገብታ የምትይዘው ጆይስቲክ ይሄ ነው።

ከዚያ በፊት ደግሞ አባባ ተስፋዬ ነበሩ። ተስፋዬ ሣህሉ የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ከተከፈተበት ከ1957 ዓ.ም. ጀምሮ ከአርባ ዓመት በላይ ተረት አውርተዋል፤ ሐምሌ 2009 ሲያርፉ አገር ነው ያለቀሰላቸው። ስለ እሳቸው ሁሌ የሚወራው ተረቱ ነው። እኔን የሚገርመኝ አቀማመጣቸው ነው። ትልቅ ሰው፣ ልጆች መሐል፣ ልጆቹ ራሳቸው ተረት ሲያወሩ ቁጭ ብሎ የሚያዳምጥ። አዋቂው ክፍሉ ውስጥ ነበር። ዛሬ ካርቱኑ ተሻሽሏል፣ ቀለሙ ደምቋል፣ አዋቂው ግን ሪሞቱን ለልጁ ሰጥቶ ወጥቷል።

ያቆየሁት በሽታ እዚህ ጋ ይመጣል። እኛ አገር ለልጅ የሚሠራ ነገር ገንዘብ የሚያገኘው “ትምህርታዊ” ከሆነ ብቻ ነው። ገንዘቡ ከለጋሽ ይመጣል፣ ለጋሹ ሪፖርት ይፈልጋል፣ ሪፖርቱ ደግሞ ልጁ ምን “መልእክት” እንደተቀበለ ይጠይቃል። ስለዚህ ገጸ ባሕርይዋ በየሁለት ደቂቃው እጃችሁን ታጠቡ ትላለች። እጅ መታጠብ ጥሩ ነው፤ ጨዋታ ግን አይደለም። ልጅ ስብከቱን ከመቶ ሜትር ያሸተዋል። ጨዋታ ራሱ የሚያስተምረውን ነገር አምነው አይተዉትም፤ ኮንትራ ላይ አጎቴን መጠበቅ ማንም በቃል አላስተማረኝም። ብሉይን የሠሩት ሰዎች አንድም ቦታ “ወላጆች ሆይ ከልጆቻችሁ ጋር ተጫወቱ” ብለው አልጻፉም። አባትየው ፊኛውን መታ፤ አበቃ።

አሁን ከባዱን ተቃውሞ ልውሰድ፣ ምክንያቱም ይሄን ጽሑፍ ለአንድ የሞጣ ወዳጄ ሳነብለት ፊቱን አጥቁሮ ያለኝ እሱን ነው፦ “ልጁ ትምህርት ቤት በሌለበት አገር አንተ ስለ ጌም ታወራለህ?”

ልክ ነው፣ ይከብዳል። ከሐምሌ 2015 መጨረሻ ጀምሮ በክልሉ የሆነውን ሁላችንም እናውቃለን። የሞባይል ኢንተርኔት ለብዙ ወራት ተዘጋ፤ ብዙ ትምህርት ቤት ደጁን ዘጋ፣ በሚሊዮን የሚቆጠር ልጅ ከክፍል ውጭ ሆነ። መንገድ አንድ ቀን ክፍት አንድ ቀን ዝግ። ሲመሽ ሁሉም ቤቱ ይገባል፤ አባትም ልጅም እናትም፣ በአንድ ክፍል፣ ከውጭ ምን እንደሚሰማ ጆሯቸውን ጥለው። ታዲያ በእነዚያ ማታዎች ምን ነበር የሚደረገው? በስልክ ፐብጂ የለመደው ልጅ ኔትወርክ የለውም፤ ስልኩን ያገላብጣል። አባት ሬዲዮ ይፈልጋል። የሚያወሩት ነገር ያልቃል፣ ምክንያቱም የሚወራው አንድ ነገር ብቻ ነው፣ እሱ ደግሞ ልጅ ፊት አይወራም። ወዳጄ ጌምን የትምህርት ተቀናቃኝ አድርጎ ነው ያየው። እኔ የማወራው ስለ ማታ ነው፤ ከመግሪብ እስከ መኝታ፣ ከሠርክ ጸሎት እስከ እንቅልፍ ስላለው፣ ማንም ሚኒስቴር ስለማይሞላው ሰዓት። አንድ ስክሪን፣ ሁለት ጆይስቲክ፣ ኢንተርኔት የማይጠይቅ። የኦንላይን ጌም በአንድ ትእዛዝ ይዘጋል፤ አንድ ክፍል ውስጥ ጎን ለጎን የሚጫወቱትን ግን የሚዘጋ የለም። መብራት ይጠፋል እንጂ፣ አዎ። ሲጠፋ ገበጣውን አውጡ፤ እሱም በሁለት እጅ ነው።

“በምን ላይ ይጫወቱታል?” ለሚለው መልሱ ያን ያህል ሩቅ አይደለም። ሞጣም ቢቸናም ፍላሽ የሚጭን ሱቅ አለ፤ ፊልም፣ መዝሙር፣ መንዙማ፣ ዘፈን ሁሉ በዚያ ነው የሚዳረሰው፣ ኔት ኖረም አልኖረም። ያገለገለ ላፕቶፕ በኤችዲኤምአይ ገመድ ቴሌቪዥን ላይ ይሰካል፣ ሁለት ርካሽ ዩኤስቢ ጆይስቲክ ይጨመራል። ጌም መሥሪያው ጎዶ ነጻ ነው፣ ለፈቃድ ሳንቲም አይከፈልበትም። ውዱ ነገር የሰው ጊዜ ነው፤ እሱን ነው መክፈል ያለብን፣ ለጋሹም ባለሀብቱም፣ ያለ “መልእክት” ሪፖርት።

ታሪክስ? ይሄ ጥያቄ ሲነሣ አንድ ሰው የግድ “ፍቅር እስከ መቃብር” ይላል። ዲማ ከቢቸና ብዙ አይርቅም፣ ሐዲስ ዓለማየሁም የእኛው ናቸው፣ እሺ። ግን ቤተሰብ ሰብስቦ በዛብህንና ሰብለ ወንጌልን ሊያጫውት የሚያስብ ሰው መጨረሻውን ደግሞ ያንብበው። ሌላው በላይ ዘለቀ ይላል፤ እሱ ደግሞ ወዲያው ጥይት ይሆናል፣ ጥይት ለጊዜው በቅቶናል።

እኔ ከሞጣ ወደ ዓባይ ነው የምወርደው፣ ሰባራ ድልድይ ጋ። በፋሲል ዘመን፣ በ17ኛው ክፍለ ዘመን የተሠራ የድንጋይ ድልድይ ነው፤ በጣሊያን ጊዜ መሐሉ ተቆረጠ። ከዚያ በኋላ ለአሥርት ዓመታት ሰው የሚሻገረው በገመድ ነበር፦ ወገቡን ታስሮ፣ ወዲህ ማዶ ያሉ ሰዎች እየለቀቁ፣ ወዲያ ማዶ ያሉት እየሳቡ፣ ከሥሩ ዓባይ። ኬን ፍራንትዝ የተባለ አሜሪካዊ የግንባታ ባለሙያ ይሄን በናሽናል ጂኦግራፊክ ፎቶ ላይ ዐይቶ በ2002 (እ.ኤ.አ.) መጥቶ አስጠገነው፤ ድልድይ የሚሠራ ድርጅትም በዚያው ሰበብ አቋቋመ። ጥገናውን ኋላ ጎርፍ ወሰደው፣ ቀጥሎ ተንጠልጣይ ድልድይ ተሠራ። ወንዙን ተሻግረህ የምትደርስበት አገር የድሮ ስሙ በጌምድር ነው፤ ቀልዱን እኔ አልፈጠርኩትም።

እንግዲህ ጌሙን አስቡት። አንዱ ታስሯል፣ አንዱ ይለቃል፣ አንዱ ይስባል። የሚለቀው ከቸኮለ የታሰረው ይወዛወዛል፤ የሚስበው ከዘገየ መሐል ላይ ይንጠለጠላል። “ቆይ፣ ላላ አድርግ፣ አሁን ሳብ” ሳይባባሉ መሻገር አይቻልም፤ ማለትም ጌሙ ቤተሰቡን ያናግረዋል። ማዶ ሲደርሱ አንዲት አሮጊት ተቀምጣ እንቆቅልሽ ትጠይቃለች፤ ካልመለሱ “አገር ስጡኝ” ትላለች፣ የደከሙበትን አገር ይሰጧታል፣ እሷም እያሞጋገሰች ትወስደዋለች። ይሄ ሕግ በየቤታችን ለስንት ዘመን ተሞክሮ የጸደቀ የጌም ሕግ ነው፤ ሽልማቱ አገር ነው፣ ተሸናፊውም ሳንቲም ሳይከፍል እየሳቀ ነው የሚሸነፈው። ገመዱን ፀሐይ ትያዝ፣ ወይ ሦስቱ ልጆች ይያዙት፣ ወይ ገና ያልተሳለ ሰው።

የአሮጊቷ ድምፅ ግን የአዲስ አበባ ማስታወቂያ አንባቢ ድምፅ እንዳይሆን። ሞጣ ገበያ ላይ ቅመም የምትሸጥ እናት ይፈለግላት፤ ጽሑፍም ስክሪኑ ላይ አይብዛ፣ አያቴ ፊደል አልቆጠረችምና በጆሮ ነው የምትጫወተው። ቁልፎቹን ኤክስና ክብ ማለት ካስቸገራት ቀይና ሰማያዊ ክር ይታሰርባቸው። ጌም ቤት ያላችሁ ደግሞ ቅዳሜ ጠዋት መጋረጃውን አንሱ፤ ልጅ ከወላጁ ጋር ከመጣ የመጀመሪያው ሰዓት በነጻ ይሁን፣ ጌሙ እስኪሠራ ድረስ በኮንትራም ቢሆን።